የወንድሜ ስም የሌለበት ወረቀት

ወንድሜ በምርጫው አላሸነፈም። ይህን አስቀድሜ የምናገረው አንባቢን አንጠልጥሎ ማቆየት ስለማልወድ ነው፤ የራሴ ልብ ተንጠልጥሎ የከረመበት ይበቃኛል። ለተወካዮች ምክር ቤት በግል ተወዳደረ፣ ሦስተኛ ወጣ፣ በማግስቱ ጠመኔውን ይዞ ክፍል ገባ። እሱ ረስቶታል። እኔን፣ እህቱን፣ እስከ ዛሬ የሚቆጠቁጠኝ ሌላ ነው፤ እናታችን ለልጇ ድምፅ ልትሰጥ ለብሳ መውጣቷና እንደማትችል እያወቅኩ ዝም ማለቴ ነው።

ፎቶ ኮፒ ቤት አለኝ፤ ኮልፌ፣ ከወረዳው ጽሕፈት ቤት ፊት ለፊት። ሥራዬ ቆሞ ማገልገል ስለሆነ ይሁን ተፈጥሮዬ፣ መቀመጥ አልችልም። ደንበኛ ሲጠፋ እንኳ ወረቀት አስተካክላለሁ፣ መስታወት እወለውላለሁ፣ በር ላይ ወጥቼ ሰው እቆጥራለሁ። መንግሥት አንድ ነገር ሊለውጥ ሲያስብ ከሬዲዮ ቀድሜ የማውቀው እኔ ነኝ። አዲስ ማኅተም ይመጣል፣ አዲስ ቅጽ ይመጣል፣ ከዚያ ሰፈሩ በሙሉ መታወቂያውን ይዞ «በሁለት ኮፒ» እያለ ደጄ ላይ ይሰለፋል።

የእናቴን የድሮ መታወቂያዎች በአንድ ላስቲክ አስሬ አስቀምጫለሁ። በመጀመሪያው ላይ ከፍተኛና ቀበሌ ይላል። ቀጥሎ ወረዳና ቀበሌ ሆነ። ከዚያ ክፍለ ከተማ የሚባል መጣና ቀበሌዎቹ እየተጨፈለቁ አዲስ ቁጥር ተሰጣቸው፤ ኋላ ደግሞ ቀበሌው ራሱ «ወረዳ» ተባለ። የቤት ቁጥሩ በቀይ ቀለም ተጽፎ፣ በሰማያዊ ተሰርዞ፣ በቆርቆሮ ተመትቶ፣ በሩ የፈተና ወረቀት መስሏል። እናቴ ግን ከዚያች ቤት አንድ ቀን ንቅንቅ አላለችም። «እኔን ሳያንቀሳቅሱኝ አገር አዞሩኝ» ትላለች።

በልጅነታችን ድንበሩ ወንዙ ነበር። ወንዝ ካልነው ነው እንጂ፣ በበጋ ዘለው የሚሻገሩት፣ በክረምት ግን ማንንም የማይምር ጅረት ነው። ከወዲህ እኛ፣ ከወዲያ ማዶዎች። የእነሱ ወረዳም ቀበሌም ሌላ፣ የእኛ ሌላ። ምርጫ ሲመጣ እናቴ በእኛ በኩል ባለው አዳራሽ ትሰለፋለች፤ ማዶ ያሉት በራሳቸው። ሰው ከሌሊት ጀምሮ የተሰለፈበትን ምርጫ አይቻለሁ፤ የቀበሌ ሰዎች በር እያንኳኩ «እናት፣ አልመረጡም እኮ» ያሉበትንም አይቻለሁ። እሷ በሁሉም ሄዳለች። ወንዙ ማዶ የሚለጠፈው የዕጩዎች ፎቶ በእኛ በኩል ካለው ጋር እንደማይመሳሰል አስተውያለሁ፤ ግን ለምን ብዬ አልጠየቅኩም። የፖለቲከኞች ጉዳይ መስሎኝ ነበር።

ድልድይ የሚባለው ከአጠና ተራ ተገዝቶ በሰፈር ሰው የተጋደመ የባሕር ዛፍ እንጨት ነው። እኛ ለቀበሌያችን ስናመለክት «የማዶ ነው» ይሉናል፤ ማዶዎች ሲያመለክቱ «የወዲህ ነው» ይባላሉ። ድልድይ የድንበር ላይ ልጅ ነው፤ ሁለቱም ይክዱታል። በኋላ አስተዳደሩ ሲቀያየር የወንዙ ወዲህም ወዲያም የአንድ ወረዳ ሆነ። አሁንስ ቀረ፣ ድንበርም የለ፣ ሰበብም የለ ብለን ተደሰትን። እንጨቱ ግን እዚያው በሰበሰ። አንድ የክረምት ጠዋት እናቴ ከላዩ ተንሸራታ ወደቀች፤ ዳሌዋ ተሰበረ። ከዚያ ወዲህ ምርኩዝ ነው።

ወንድሜ ካገባ ጀምሮ የሚኖረው ማዶ ነው፤ የሚያስተምረውም እዚያው። ታናሼ ነው፣ ዝምተኛ። የክፍል አለቃ ሲሆን እንኳ የሚረብሹ ልጆችን ስም መጻፍ አፍሮ ራሱ የተቀጣ ሰው ነው። አንድ ቀን ከትምህርት ቤት ሲመለስ ሱቄ ገባና ማሽኑን እያየ «የግል ዕጩ ሆኜ ልመዘገብ ነው» አለኝ።

ሳቅኩ። እሱ አልሳቀም።

«ለድልድዩ ብለህ?»

«ለድልድዩም። ያስፈራል እንዴ?»

«ሰው ፊት መናገር የሚያስፈራው አንተን ነው እንጂ።»

«የድጋፍ ፊርማ ያስፈልገኛል» አለ። «ብዙ። ከምርጫ ክልሉ ነዋሪዎች።»

ያኔ ነው አፌን ሞልቼ «ለእኔ ተወው» ያልኩት።

የእድራችን ጸሐፊ እኔ ነኝ። ማሽኑም ጽሕፈቱም ያለኝ እኔ ስለሆንኩ መዝገቡ ሱቄ ነው የሚያድረው። እድራችን ደግሞ ከመንግሥት ቀድሞ ወንዙን ከተሻገረ ቆይቷል፤ ሬሳ ድንበር አያውቅምና። ክርስቲያኑም ሙስሊሙም በአንድ ድንኳን ነው የሚቀመጠው፤ ሰብሳቢያችን ሀጂ ናቸው። ከዚህ መዝገብ የተሻለ የሰፈር ሰው ዝርዝር ከየት ይመጣል? ስም አለው፣ ስልክ አለው፣ ማን የማን ልጅ እንደሆነ አለው። ወንድሜ የቅጹን መመሪያ ሊያነብልኝ ሲሞክር «አንተ ስለ ፖለቲካው አስብ፤ ሰፈሩን እኔ አውቀዋለሁ» ብዬ ወረቀቱን ከእጁ ቀማሁት።

በወሩ ስብሰባ ሀጂ ተነስተው ተናገሩ። «ፊርማ ነው የተጠየቃችሁት፣ ደም አይደለም። ይሄ ልጅ የሁላችንን ልጆች አስተምሯል። ወረፋ ያዙ።» ሰው ሳቀና ተሰለፈ። ቤታቸው ፈርሶ ወደ ኮንዶሚኒየም የሄዱት ሁሉ ነበሩ፤ ሁለት ታክሲ ይዘው የሚመጡ፣ ከተማው ጫፍ የሚኖሩ፣ ግን እድራቸውን ያልቀየሩ። እኛ ጋ ሰው ቤት ይለቃል እንጂ እድር አይለቅም፤ ሲሞት ማን ሊያነሳው? ሁሉም ፈረመ። የመጀመሪያው መስመር ላይ እኔ ነኝ። ሁለተኛው እናቴ፣ በአውራ ጣቷ።

ያ ወይን ጠጅ አሻራ አናደዳት። ጣቷን በመቀነቷ ጠርጋ ጠርጋ አልለቅ ሲላት «በምርጫው ቀንስ እንዲህ አላደርግም» አለች። «ለልጄ በብዕር ነው።» ማንበብና መጻፍ አልተማረችም። ከማግስቱ ጀምሮ ሱቄ እየመጣች፣ ቀለም በዝቶባቸው በተበላሹ ኮፒዎች ጀርባ ላይ የኤክስ ምልክት ትለማመድ ጀመር። የመጀመሪያዎቹ ኤክሶች እግራቸው አይገናኝም ነበር። «ይሄ ይቆጠራል?» ትለኛለች። «ያ ጠመም አለ፣ ድገሚው» እላታለሁ፣ እንደ አስተማሪ።

የፊርማ ማስገቢያው ሊያልቅ ሁለት ቀን ሲቀረው እኔና ወንድሜ ወረቀቱን ይዘን የምርጫ ክልሉ ጽሕፈት ቤት ሄድን። የተቀበለችን ልጅ እግር ናት፤ ጨዋ፣ ማስመሪያ በእጇ። የመጀመሪያውን ገጽ አየች፣ ግድግዳው ላይ ወዳለው ካርታ ዞረች፣ ተመለሰችና ማስመሪያውን በመጀመሪያው መስመር ላይ አድርጋ ስሜን ሰረዘችው።

«ምን እያደረግሽ ነው?»

«ይቅርታ እናቴ፣ ይሄ ቤት ቁጥር ከወንዙ በእርስዎ በኩል ነው። የእኛ ምርጫ ክልል ወንዙ ጋ ያልቃል።»

«ወንዙ ድሮ ነው ድንበር የነበረው። አሁን አንድ ወረዳ ነን።»

«ለአስተዳደር አንድ ናችሁ። ምርጫ ክልሉ ግን አብሮ አልተቀየረም፤ የሚሄደው በድሮው ወረዳ ነው።»

«የሌለ ወረዳ?»

«ለምርጫ አለ።»

ደሜ ፈላ። «እዚህ ሰፈር ተወልጄ አድጌ፣ ድንበሩን አንቺ ልታስተምሪኝ ነው?» አልኳት። ልጅቷ አልተቆጣችም። «ካርታውን ቀርበው ይዩት» አለችኝ። ቀርቤ አየሁት። ወንዛችን እንደ ክር ቀጥና ተስላለች፤ በላይዋ ወፍራም መስመር ሄዷል። ልጅቷ ሁለተኛውን ስም ሰረዘች፤ እናቴን። ከዚያ ገጹን ወረደችው፤ ከወዲህ ያሉትን፣ ኮንዶሚኒየም የሄዱትን፣ አንድ በአንድ። ስትጨርስ ከየገጹ የቀረው ስም በእጅ ጣት የሚቆጠር ነበር። በቁጣና በሀፍረት ፊቴ ጋለ፤ ማስመሪያዋን ነጥቄ መስበር አማረኝ። እሷ ምንም አላጠፋችም። ያጠፋሁት እኔ ነኝ። የሚቀብሩኝን ሰዎች ዝርዝር ይዤ፣ የሚመርጡ ሰዎች ናቸው ብዬ ሄድኩ።

ውጪ ስንወጣ ወንድሜ የተሰረዙትን ገጾች ደርድሮ ብብቱ ሥር ያዛቸው። ይሰድበኛል ብዬ ጠበቅኩ፤ ቢሰድበኝ ይቀለኝ ነበር። በመጨረሻ ያለው አንድ ቃል ነው።

«እማዬስ?»

«እኔ እነግራታለሁ» አልኩት።

የቸኮለች አፍሳ ለቀመች ይባላል። ሁለት ቀን ሱቄን ዘግቼ ማዶን ቤት ለቤት ለቀምኩ። የተረዳሁትም ነገር አሳፋሪ ነው፦ ከደጄ የሚታየውን ሰፈር አላውቀውም። የድሮ ሰዎች ጥቂት ናቸው። የቀሩት ተከራዮች ናቸው፤ በየግቢው አራትና አምስት ቤተሰብ፣ ከየአገሩ የመጣ፣ የማንም እድር ውስጥ የሌለ። ወረቀት ይዤ ስገባ ፊታቸው ይገረጣል። «ለማፍረስ ነው?» የሚለው የመጀመሪያ ጥያቄ ነው። «ስማችንን ለምን ፈለጋችሁት?» ሁለተኛው ነው። አንዱ ሰውዬ በሩን ከፍቶ አየኝና ሳይመልስልኝ ዘጋው። ድሮ ቢሆን ባለጌ እለው ነበር፤ ያን ዕለት ግን እንኳን ዘጋው አልኩ፣ እኔም ብሆን እዘጋለሁ።

አንዲት ሴት ግቢዋ ውስጥ ከቆሼ የለቀመችውን ላስቲክ በቀለም በቀለም እየለየች ነበር። ቀና ሳትል አዳመጠችኝ።

«እስካሁን ስሜን ጠይቆ የጻፈ ሁሉ ከቤቴ ያስነሳኝ ነው» አለች።

«ይሄ ለድልድዩ ነው» አልኳት። ምክር ቤቱን፣ ዕጩውን፣ ሁሉንም ትቼ።

ያኔ ቀና አለች። «ይሄ እንጨቱ? በጀርባዬ ጆንያ አዝዬ እኮ ነው የምሻገረው። አምጪው።» ፈረመች፤ ፈርማም ጎረቤቶቿን ጠራችልኝ። በሁለት ቀን ውስጥ ካገኘሁት ፊርማ ብዙው የመጣው ከዚያች ሴት ግቢ ነው። በመጨረሻው ሰዓት አስገባን፤ ልጅቷ ቆጠረች፣ ማስመሪያዋን አስቀመጠች፣ ማኅተሟን መታች። ወንድሜ ዕጩ ሆነ።

የቀረኝ አንድ ነገር ነበር፤ እናቴን መንገር።

በመጀመሪያው ቀን ደክሞኛል ብዬ አሳለፍኩት። በሁለተኛው ቀን «እማዬ፣ ስለ ምርጫው…» ብዬ ስጀምር «እይው፣ እግሩ ተገናኘ!» ብላ ወረቀቷን ዘረጋችልኝ። እውነትም ተገናኝቶ ነበር። ዳቦ ሳያልቅብን ወጥቼ ዳቦ ገዛሁ። በሌላ ቀን ጎረቤት ነበር፤ በሌላው ቀን ዳሌዋን አሟት ነበር፤ በሌላው ቀን ደስ ብሏት ነበር፣ ያ ደግሞ የባሰ ነው። የልጇ ፎቶ ማዶ ግድግዳ ላይ ተለጥፎ ስታይ ምርኩዟን አንስታ ለመንገደኛ ሁሉ ታሳያለች። «ከእኛ በኩል ለምን አልተለጠፈም?» ብላ ጠየቀችኝ። «ወረቀት አንሷቸው ይሆናል» አልኳት። እኔ፣ ወረቀት ነጋዴዋ።

መላ የሚያውቅ ሰው አይጠፋም። አንድ ደንበኛዬ «እናትሽን ወንድምሽ ቤት እንደሚኖሩ አድርጎ ደብዳቤ የሚያጽፍ ሰው አውቃለሁ፤ የመራጭነት ካርዱንም ያስቀይራል» አለኝ። ቅጹን በኮምፒዩተሬ ከፍቼ ስሟን ጻፍኩ። የወንድሜን ቤት ቁጥር ጻፍኩ። ጣቴ ማተሚያው ላይ ሳለ ወንድሜ ገባና ስክሪኑን አየ።

«ድልድይ አሠራለሁ ብዬ ወጥቼ፣ በእናቴ የውሸት አድራሻ ልጀምር?»

«አንድ ድምፅ ናት! እናትህ ናት!»

«ለዚህ ነው እንቢ የምለው» አለና ማሽኑን አጠፋው። ከዚያ «ነግረሻታል አይደል?» አለኝ።

«ነግሬያታለሁ» አልኩት። ጥፋቴን በውሸት ደረብኩበት።

የምርጫው ዕለት ለሰርግ እንደተጠራች ሴት ነጭ ለብሳ ጠበቀችኝ። ብዕር ይዛ ነበር፤ የራሷን፣ ከሱቄ የመረጠችውን። «እዚያ ያለው ቀለም ቢጨርስስ?» አለች። ጣቢያው በእኛ በኩል ያለ የትምህርት ቤት ግቢ ነው። እያዘገምኩ ወሰድኳት፤ በየአምስት እርምጃው አፌን እከፍታለሁ፣ እዘጋለሁ። ሰልፉ ረጅም ስለሆነ ተመስገን አልኩ፤ እስኪደርሰን እነግራታለሁ። ገና ከመቆማችን አንዱ አስፈጻሚ ምርኩዟን አየና «እናት፣ እርስዎ ወደ ፊት ይምጡ፤ ልጅዎም አብረው» ብሎ እየደገፈ ወሰዳት። ሰልፈኛው በአክብሮት መንገድ ለቀቀላት። እሷ ግራና ቀኝ እየመረቀች ሄደች። እኔ ከኋላ ነኝ።

ክፍሉ በር ላይ እጇን ያዝኳት።

«እማዬ፣ እሱ እዚህ ወረቀት ላይ የለም።»

«የት ሄደ?»

«ማዶ ነው ያለው። የምርጫው ድንበር አሁንም ወንዙ ነው። በእኛ ወረቀት ላይ ሌሎች ሰዎች ናቸው።»

«እናቱ ነኝ እኮ።»

«የሚጠይቁት ቤት ቁጥር ነው፣ እማዬ።»

«ይህን መቼ ነው ያወቅሽው?»

«ፊርማ ያስገባን ጊዜ።»

አየችኝ። እናቴ በሕይወቴ ብዙ ጊዜ ተቆጥታኛለች፤ እንዲያ አይታኝ ግን አታውቅም። «ያን ሁሉ ወረቀት ስሞነጫጭር ቁጭ ብለሽ ታርሚኝ ነበር» አለች። ጮክ አላለችም። እጇን ከእጄ አወጣችና በምርኩዟ ብቻዋን ገባች።

ለእኔም ወረቀት ተሰጠኝ። በመጋረጃው ውስጥ ቆሜ ስሞቹን አየሁ። አንዳቸውንም አላውቅም፤ ማወቅም አልፈለግኩም። ካርታው፣ ማስመሪያው፣ የሌለው ወረዳ፣ ያ የእናቴ አስተያየት፣ ሁሉም በአንዴ መጣብኝ። ከስሞቹ ሁሉ በታች በትልቁ የወንድሜን ስም ከነአባታችን ጻፍኩና አሰመርኩበት። ያ ወረቀት ዋጋ አልባ ተብሎ እንደሚጣል አሳምሬ አውቃለሁ። አጥፌ ሳጥኑ ውስጥ ከተትኩት። ለአፍታ ያህል ደስ አለኝ።

ስወጣ እናቴ ግቢው ውስጥ አግዳሚ ላይ ተቀምጣለች። ጎኗ ተቀመጥኩ። ይቅርታ ለማለት ቃል ስፈልግ ቀደመችኝ።

«ለአንዱ አደረግኩለት» አለች።

«ለማን?»

«ማን እንደሆነ በየት አውቄ። ከታች ላለው። መጀመሪያ ባዶውን ልመልሰው ብዬ ነበር። ኋላ ሳስበው እሱም የሰው ልጅ ነው። እናቱ ምናልባት ማዶ ትሆናለች፤ እንደ እኔ ለብሳ ወጥታ ልጇን ወረቀቱ ላይ አጥታው ይሆናል። እሷ ብትሆን ምን ትወድ ነበር ብዬ አደረግኩለት።» ብዕሯን ከደነች። «ምን ይታወቃል፣ እሷም ለኛው ልጅ አድርጋለት ይሆናል።»

እዚያው ግቢ ውስጥ አለቀስኩ። ሰው እያየኝ ነበር፤ ግድ አልሰጠኝም። እናቴ ነጠላዋን ሰጠችኝና አፍንጫዬን እስክጠርግ ጠበቀች።

«አንቺስ፣ ለማን አደረግሽ?» አለችኝ።

«እኔም ለአንዱ» አልኳት።

ራሷን ነቀነቀች፤ ደስ አላት። እስከ ዛሬ እውነቱን አልነገርኳትም። ማንበብ ስለማትችል ነው እዚህ ላይ የጻፍኩት።